እትዬ ዘነበች የተረጎሙት ፊልም

የሞታቸውን ዜና ያገኘሁት በስልክ መልእክት ነው። ከሥራ ወጥቼ ኡ-ባን፣ የምድር ውስጡን ባቡር፣ እየጠበቅኩ ነበር። መልእክቱ ለማኅበሩ አባላት በሙሉ የተላከ ሲሆን እንዲህ ይላል፦ «የሁላችን እናት፣ የማኅበራችን አለኝታ፣ ወይዘሮ ዘነበች ከዚህ ዓለም ድካም አርፈዋል። ሊቀመንበሩ።»

ባቡሩ መጣ፤ አልተሳፈርኩም። ቆሜ ደግሜ አነበብኩት። እናት? አለኝታ? ደግሞስ ወይዘሮ? በሕይወት ሳሉ «ወይዘሪት» የምትለውን ቃል እንደ ስድብ እየጎተቱ ሲጠሯቸው የኖሩ ሰዎች፣ ሲሞቱ ጊዜ ዳሯቸው። እዚያው ጣቢያው ውስጥ፣ በሰው መሀል፣ «ውሸታሞች!» ብዬ ጮህኩ። አጠገቤ የቆመች ጀርመናዊት አሮጊት ቦርሳዋን ወደ ራሷ ሳብ አደረገች።

በቀብራቸው ዕለት ስለ እሳቸው ብዙ ተወራ። ያልተወራው ይበልጣል። የምጽፈው ያልተወራውን ነው።

እትዬ ዘነበች አስተርጓሚ ነበሩ። በወጣትነታቸው ለትምህርት ፍራንክፈርት መጥተው፣ አገር ቤት አብዮቱ ሲፈነዳ እዚሁ የቀሩ፣ ከዚያ ወዲያ ለመጣው ስደተኛ ሁሉ አፍ የሆኑ ሴት ናቸው። ጥገኝነት ጠይቀን ባለሥልጣን ፊት ስንቀርብ፣ ሐኪም ዘንድ ስንገባ፣ ፍርድ ቤት ስንቆም፣ በኛና በጀርመኖቹ መሀል የሚቀመጡት እሳቸው ነበሩ። ቀጠን፣ አጠር ያሉ ናቸው። ፀጉራቸውን እንደ ወንድ ልጅ አሳጥረው ይቆረጡታል። አላገቡም፤ አልወለዱም። ለምን እንዳላገቡ ስንቱ ሰው ስንት ተረት ፈጠረ፤ እሳቸውን የጠየቀ ግን አልሰማሁም።

እኔ ያወቅኳቸው የዓለም ዋንጫ ጀርመን በተካሄደበት ዓመት ነው። ለጥገኝነት ቃለ መጠይቄ ስገባ አስተርጓሚዬ እሳቸው ነበሩ። ከመጀመራችን በፊት መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡና፣

«ስሚኝ ልጄ» አሉኝ። «እኔ እዚህ ዘመድሽ አይደለሁም። ጠላትሽም አይደለሁም። ያልተባለ አልጨምርም፤ የተባለ አልቀንስም። አላሳምርልሽም፤ አላበላሽብሽም። ለቅሶ ከመጣብሽ አልቅሺ፤ እንጠብቅሻለን።»

መጣብኝ። ስለ ወንድሜ ስናገር ድምፄ ተቆረጠ። ባለሥልጣኑ ሰዓቱን አየና ወደሚቀጥለው ጥያቄ ሊያልፍ ሲል፣ እትዬ ዘነበች ፊቱን እንኳ ሳያዩ አመልካች ጣታቸውን ብድግ አደረጉ። ሰውየው የከፈተውን አፍ ዘጋ። ለቅሶዬ እስኪያልቅ ጣታቸው አልወረደም። ከአገሬ ከወጣሁ በኋላ ሰው እንዲጠብቀኝ ያደረገልኝ የመጀመሪያው ሰው እሳቸው ናቸው።

ስለ ቃል አክባሪነታቸው የሚወራ ቀልድም ነበር፤ ቀልድ ሳይሆን የሆነ ነገር ነው። አንዱ ባለጉዳይ በጥያቄ ብዛት ተሰላችቶ «ይሄ አህያ መቼ ነው የሚለቀኝ?» ብሎ አጉረመረመ። ባለሥልጣኑ ምን እንዳለ ጠየቀ። እትዬ ዘነበች ረጋ ብለው አህያዋን ጭምር ተረጎሙለት። ባለጉዳዩ ጉድ ፈላ ብሎ ሲደርቅ፣ ባለሥልጣኑ ሳቀና ለሁሉም ሰው የእረፍት ጊዜ ሰጠ። ሰውየው በኋላ መንገድ ላይ «እንዴት እንዲህ ይሉታል እትዬ?» ቢላቸው፣ «አንተ አልከው እንጂ እኔ መቼ አልኩ?» አሉት።

ሰው ያከብራቸው ነበር፤ ግን አይወዳቸውም። ምክንያቱም ግልጽ ነው። በዚህ ከተማ ካለን ሐበሾች እሳቸው ያላስተረጎሙለት ጥቂት ነው። ማን ስሙን ቀይሮ እንደገባ፣ ማን ዕድሜውን እንደቀነሰ፣ ማን አገር ቤት ያለችውን ሚስቱን ሞታለች እንዳለ፣ ማን ሳይታሰር ታስሬ ነበር እንዳለ፣ ሁሉም በእሳቸው አፍ አልፏል። አንዲት ቃል ሾልካ ወጥታ አታውቅም። ሰው ግን ገመናውን የሚያውቅበትን ሰው፣ ቢደብቅለትም እንኳ፣ ፊት ለፊት ማየት ይከብደዋል።

እኔ ጊንሃይም ሰፈር ቤት ስከራይ ጎረቤት ሆንን። እሑድ እሑድ እሄድ ነበር። የማእድ ቤታቸው መስኮት ትልቁን የቴሌቪዥን ማማ ፊት ለፊት ያያል። ሬዲዮ ሲሰሙ ይናደዱና ወደ ማማው እጃቸውን እየወነጨፉ፣ «ያን ሁሉ አንቴና ተሸክሞ አንድ ቀን እውነት አያስተላልፍም!» ይሉ ነበር። ንዴት ያውቁበታል። በጎረቤት ሴቶች መሀል ሐሜት ከተጀመረ ቦርሳቸውን አንስተው ይወጣሉ። «ደኅና ዋሉ» እንኳ አይሉም።

ሄለንን እቤታቸው የወሰድኳት እኔ ነኝ። ሄለን ያኔ ሃያ ሦስት ዓመት ቢሆናት ነው። አውሮፕላን ማረፊያው ውስጥ በጽዳት አብረን እንሠራ ነበር። የጥገኝነት ጥያቄዋ ውድቅ ሆኖ የምትኖረው በዱልዱንግ ነው፤ ለጊዜው አትባረሪም በምትል፣ በየጥቂት ወሩ በምትታደስ ወረቀት። የምትኖረውም ቀድሞ የመጣውና መኖሪያ ፈቃድ ያገኘው ወንድሟ ዳንኤል ቤት ነው። ፍላጎቷ ነርስነት መማር ነበር። አንድ የአረጋውያን መጦሪያ እየሠራች እንድትማር ሊቀበላት ፈቅዶ፣ የውጭ ዜጎች ቢሮው ግን ፈቃድ ገና አልሰጣትም። እትዬ ዘነበች ዘንድ የሄድነው ለቢሮው ምን ብላ እንደምታስረዳ ምክር ልንጠይቅ ነው።

በዚያው ሰሞን አቶ ግርማ ሄለንን አይቷት ነበር።

አቶ ግርማ ሃምሳን ያለፈ፣ ሁለት ምግብ ቤትና አንድ መደብር ያለው፣ ጀርመናዊ ዜግነት የያዘ፣ ሚስቱን ከፈታ የቆየ ሰው ነው። ክፉ ሰው አልነበረም። የማኅበሩን የአዳራሽ ኪራይ የሚሸፍነው እሱ፣ ሰው ሲሞት አስከሬን አገር ቤት ለመላክ ቀድሞ እጁን የሚዘረጋው እሱ ነው። ሄለንን በፋሲካ በዓል ላይ አያት። ከዚያ በኋላ ግን ወደ እሷ አልሄደም። ወደ ወንድሟ ሄደ። ዳንኤል ምግብ ቤቱ ውስጥ የኃላፊነት ሥራ አገኘ። አዲስ አበባ ላሉት እናቷ ትልቅ ፍሪጅ ተላከላቸው። ለሄለንም በዳንኤል እጅ የክረምት ካፖርት መጣላት፣ ቀጥሎ ስልክ፣ ቀጥሎ ቀሚስ። እናቷ ደውለው በእልልታ ጀመሩ። የማኅበሩ ሴቶች ከበቧት፦ «ቤት አለው፣ ወረቀት አለው፣ እግዜርን ይፈራል። ሌላ ምን ቀረሽ? ዕድልሽን አትግፊ።» የማኅበሩ ሊቀመንበር ተስፋዬ ዋናው አገናኝ ሆነ። አቶ ተስፋዬ ማለት ነበረብኝ፤ በዕድሜ ይበልጠኛል። «አቶ»ውን ግን ያስቀረሁበት ምክንያት አለኝ፤ እደርስበታለሁ።

ያን እሑድ እትዬ ዘነበች ስለ ትምህርቱ ከመከሯት በኋላ ካፖርቱን ዳሰስ አደረጉና፣

«ሰው ሁሉ ስለ ሠርግሽ ያወራል። አንቺስ ምን ትያለሽ?» አሏት።

«እኔ እንጃ እትዬ። ሁሉም ደስ ብሏቸዋል።»

«ሁሉም አላልኩሽም።»

ሄለን ካፖርቱን ለብሳ ወጣች።

ማኅበሩ በዓመት አንድ ጊዜ የሚያዘጋጀው የቤተሰብ ቀን የዋለው ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ነው። አዳራሹ የአንድ ጀርመን ቤተ ክርስቲያን ነው። የሰበካው አንድ ጡረተኛ አሮጌ ፊልም የመሰብሰብ ፍቅር ነበረውና፣ ድምፅ የሌለው ፊልም ላሳያችሁ አለ። ድምፅ ከሌለው ለሁሉም ሰው ይሆናል ብሎ አሰበ፤ ደግ ሰው ነው። አንዲት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ፒያኖ እንድትመታም አመጣ። ችግሩ፣ በምስሎቹ መሀል እየተቆረጠ የሚመጣው ጽሑፍ በድሮ የጀርመን ፊደል የተጻፈ ነው። ልጆቹ እንኳ ሊያነቡት አልቻሉም። ተስፋዬ ማይክራፎኑን ይዞ ለእትዬ ዘነበች ሰጣቸው። «እርስዎ እያነበቡ ይተርጉሙልን። ከፊልሙ በኋላ ደግሞ ደስ የሚል ነገር አለን» አለ። ደስ የሚለው ነገር ቀለበት ነበር። የሄለንን ቀለበት በተሰበሰበው ሕዝብ ፊት ሊያስሩላት ተዘጋጅተዋል። ሄለን የፊተኛው ረድፍ ላይ፣ የተገዛላትን ቀሚስ ለብሳ፣ በአቶ ግርማና በዳንኤል መሀል ተቀምጣለች።

ፊልሙ የአንዲት ልብስ ሰፊ ልጅ ታሪክ ነው። ከእናቷ ጋር ጣራ ሥር ባለች ጠባብ ክፍል ትኖራለች። ባለፋብሪካው፣ ሚስቱ የሞተችበት ሰው፣ ለልኬት መጥቶ ያያታል። አበባ ይልካል፤ የከሰል ጋሪ ይልካል። እናትየዋ እየሳቀች ታለቅሳለች። ጎረቤቶች በደረጃው ላይ እየተጠራሩ ይወጣሉ። ልጅቷን ወደ ባለፋብሪካው ቤት ወስደው ከከተማው ትልልቅ ሰዎች ጋር ማእድ ላይ ያስቀምጧታል፤ ሹካውን በየትኛው እጅ እንደምትይዝ ያዩባታል። እትዬ ዘነበች ጽሑፍ በመጣ ቁጥር፣ መነጽራቸውን ከፍ ዝቅ እያደረጉ፣ እንደ ሁልጊዜው ምንም ሳይጨምሩ ተረጎሙ። ሕዝቡ ሳቀ፤ አንዳንዷ «ታድላ!» አለች።

ከዚያ ባለፋብሪካው ከልጅቷ ጀርባ ቆሞ የዕንቁ ሐብል አንገቷ ላይ አሰረላት። ፊቷ ሸራውን ሙሉ ሞላው። ጽሑፍ መጣ።

እትዬ ዘነበች ማይክራፎኑን ከአፋቸው ዝቅ አደረጉ።

«ምን ይላል?» አለ አንድ ሰው ከኋላ።

«‹ደስተኛ ናት› ይላል» አሉ። ምስሉ እንደገና መጣ፤ ያው የልጅቷ ፊት። «ፊቷን ግን እዩት። ጽሑፉ ተሳስቷል።»

ጥቂት ሰዎች ሳቁ። ቀልድ መሰላቸው።

«ሥራዬ የተባለውን መናገር ነው» ብለው ቀጠሉ፤ ድምፃቸው አልተለወጠም። «ከተጀመረ ጀምሮ እየተከታተልኩ ነው። ሰውየው እናቷን ጠየቀ። እናቷ ጎረቤቶቿን ጠየቀች። ጎረቤቶቿ ተደሰቱ። ይህችን ልጅ ግን እስካሁን የጠየቃት ሰው የለም። እሷም አፏን አልከፈተችም። ስለዚህ ምን ብዬ ልተርጉምላት?»

«እትዬ ዘነበች፣ ፊልሙን ይተርጉሙ እንጂ!» አለ ተስፋዬ ከመቀመጫው ተነስቶ።

«እየተረጎምኩ ነው» አሉት። ከዚያ ከሸራው ዞር ብለው፣ የፊልሙ ብርሃን ግማሽ ፊታቸው ላይ እያረፈ፣ «ሄለን ልጄ» አሉ። «አንቺን የጠየቀሽ ሰው አለ?»

የአዳራሹ ሰው ሁሉ ወደ ሄለን ዞረ። ፒያኖ መቺዋ ብቻ፣ አንድ ቃል ሳይገባት፣ የሐብሉን ትዕይንት በለስላሳ ዜማ ታጅባለች።

ሄለን ተነሳች። «የለም» አለች።

አቶ ግርማ ደንግጦ ቀና አለ። «እንዴት የለም ሄለን? እኔ ጠይቄሻለሁ እኮ!»

«ዳንኤልን ነው የጠየቁት» አለች። «እኔን አልጠየቁኝም። ቢጠይቁኝ ኖሮ መማር እፈልጋለሁ እልዎት ነበር።»

ከዚያ በኋላ የሆነውን ለመናገር ያስቸግራል። ዳንኤል ክንዷን ያዘ፤ አስለቀቀችው። ሴቶች ጮኹ። አንዱ «ያላገባች ሴት ለሰው ትዳር ምን አገባት!» አለ፤ ሌላው «ቅናት ነው!» ሲል ሰማሁ። ተስፋዬ ማይክራፎኑን ከእትዬ ዘነበች እጅ ነጠቀ። ነጠቀ ነው የምለው፤ ጣታቸው ቆስሏል። «አቶ»ውን የጣልኩት ያን ጊዜ ነው። ፒያኖ መቺዋ ጩኸቱን ሰምታ ሐበሾቹ ፊልሙን ወደዱት መስሏት ይበልጥ አፈጠነች። ሄለን በመሀላችን አልፋ ወጣች፤ ካፖርቱን ወንበሩ ላይ ትታው። ውጭ በረዶ ነበር። እትዬ ዘነበች የራሳቸውን ካፖርት ይዘው ተከተሏት።

ያን ቀን ዳንኤል የእህቱን ዕቃ በፌስታል ጠቅልሎ በር ላይ አስቀመጠው። ሄለን ጊንሃይም መጣች፤ የእትዬ ዘነበች ሳሎን መኝታዋ ሆነ።

ወደሚያቃጥለኝ ነገር ደረስኩ። ሁሉም አቶ ግርማ የሚበቀል መስሎት ነበር። አልተበቀለም። ከሳምንታት በኋላ ብቻውን መጥቶ የእትዬ ዘነበችን በር አንኳኳ፤ እኔም እዚያ ነበርኩ። ቆሞ፣ ኮፍያውን በእጁ እያዞረ፣ «በእውነት የጠየቅኳት መስሎኝ ነበር» አለ። «አባቴም እናቴን እንዲሁ ነው ያገባት።» እትዬ ዘነበች ወንበር ሳቡለት፤ ሻይ ጠጥቶ ሄደ። ያን ሰው ከዚያ ወዲህ አከብረዋለሁ።

በቀሉ የመጣው ከባለጸጋው አልነበረም፤ በባለጸጋው ጥላ ሥር ከተጠለሉት ነው። ተስፋዬና ጥቂት አጃቢዎቹ ለእትዬ ዘነበች ሥራ ወደሚሰጠው ቢሮ ሄደው፣ «ይህች ሴት በቃለ መጠይቅ የሰማችውን ገመና በአደባባይ ታወጣለች፤ ሕዝባችን አያምናትም» ብለው አቤት አሉ። ውሸት ነው! ያን ቀን በአዳራሹ የወጣ አንድም የቃለ መጠይቅ ቃል የለም። ሁለት መቶ ሰው ሰምቷል። ቢሮው እትዬ ዘነበችን ጠራቸው፤ «አላደረግኩትም» አሉ፤ ተጨማሪ ቃል አልተናገሩም። ማንም አላባረራቸውም። ስልካቸው ብቻ መደወል አቆመ። እንግዲህ አስቡት፤ ዕድሜ ልካቸውን የሌላውን ቃል በታማኝነት የተሸከሙ ሴት፣ ጡረታ ሊወጡ ጥቂት ሲቀራቸው፣ አንድ ዳቦ መጋገሪያ ቤት ጓዳ ውስጥ ትሪ ማጠብ ጀመሩ። ኦስትኤንድ የሚባል ሰፈር ድረስ ከንጋቱ በፊት ይሄዱ ነበር። እጃቸው ከሳሙናው ብዛት ተሰነጣጠቀ። በማኅበሩ በዓል ላይ ግን «ወይዘሪት ዳቦ ጋጋሪ» እየተባለ ይሳቅ ነበር።

አንድ እሑድ አልቻልኩም። «እትዬ» አልኳቸው፣ «እነዚህ የከሰሱዎት ሰዎች ምን ብለው ወረቀት እንዳገኙ እርስዎ ያውቃሉ። ተስፋዬ ራሱ ምን እንዳለ ያውቃሉ። አንዲት ቃል ቢናገሩ ሁሉም...»

ጨርሼ አልተናገርኩም። ከወንበራቸው ተነሱ። እንዲያ ተቆጥተው አይቻቸው አላውቅም።

«ውጪ!» አሉኝ።

«እትዬ...»

«ከቤቴ ውጪ ብዬሻለሁ!»

ደረጃው ላይ ተቀምጬ አለቀስኩ። ትንሽ ቆይቶ በሩ ተከፈተ። መጥተው አጠገቤ፣ ደረጃው ላይ፣ ተቀመጡ።

«ያን ጊዜ ያሉትን ያሉት ፈርተው ነው» አሉኝ ዝቅ ባለ ድምፅ። «የፈራ ሰው የነገረኝን እኔ ተናድጄ ላውጣው? ባወጣው እኮ ክሳቸው እውነት ይሆናል። ዛሬ ውሸታሞቹ እነሱ ናቸው። ይኼን እንዲቀሙኝ አልፈቅድም።»

«በአዳራሹ ስለተናገሩትስ አይጸጸቱም?»

«ዕድሜዬን በሙሉ የተባለውን ስናገር ኖርኩ» አሉ። «አንድ ቀን ያልተባለውን ተናገርኩ። ያውም ዘግይቼ ነው፤ ፊልሙ ከመጀመሩ በፊት መሆን ነበረበት።»

ሄለን ፈቃዷን ለማግኘት ከአንድ ዓመት በላይ ፈጀባት። ቢሮው በጠራት ቁጥር እትዬ ዘነበች አብረዋት ይሄዱ ነበር፤ በአስተርጓሚነት ሳይሆን በጎረቤትነት። የሚያውቋቸው ሠራተኞች አንገታቸውን ሰበር አድርገው ሰላም ሲሏቸው፣ እሳቸው ፊት ለፊት እያዩ ሰላምታውን ይመልሱ ነበር። ሄለን ተማረች፤ ጨረሰች፤ ዛሬ ሆስፒታል ትሠራለች። ያኔ «ዕድሏን ገፋች» ያሏት ሴቶች ዛሬ እናቶቻቸው ሲታመሙ የሚደውሉት ለእሷ ነው። «የኛ ሄለን» ይሏታል። ስሰማ ጥርሴን እነክሳለሁ።

የመጨረሻውን ታሪክ ልናገር። እትዬ ዘነበች ልባቸው ደክሞ ሥራ ካቆሙ በኋላ ነው። አንድ ጠዋት በራቸው ተንኳኳ፤ የከፈትኩት እኔ ነኝ። ተስፋዬ ነበር። ከሥልጣን ቦታው ውጭ ሳየው አጭር ሰው ነው። ሚስቱ ጸዳለ ሆስፒታል ተኝታለች፤ ዛሬ ሐኪሙ ውጤት ይናገራል። የእሱ ጀርመንኛ ለሐኪም ቃል አይበቃም፤ ልጃቸው ደግሞ አማርኛ ብዙም አትችልም። «ፓፓ፣ ኢሽ ካን ዳስ ኒሽት» አለችኝ አለ፤ እኔ ይሄን አልችልም ማለቷ ነው። ሌላ አስተርጓሚ ደግሞ ወሬ ያወጣል ብሎ ፈርቷል። ወሬ እንዳያወጣ! በሩን ልዘጋበት ስል እትዬ ዘነበች ከውስጥ «ማን ነው?» አሉ። ከዚያ ጫማቸውን ማሰር ጀመሩ።

አብሬ ሄድኩ፤ ደረጃ ብቻቸውን መውረድ አይችሉም ነበር። በሆስፒታሉ ኮሪደር፣ የጸዳለ ክፍል በር ላይ፣ ተስፋዬ ጎተት አደረጋቸውና ሹክ አላቸው፦ «እትዬ፣ ሐኪሙ ካንሰር ሊል ይችላል። እርስዎ ቀለል አድርገው ይንገሯት። የጨጓራ ቁስል ነው ይበሏት። ሴት ናት፣ ትደነግጣለች።»

«የታመመው ሆድ የማን ነው?» አሉት።

«የእሷ።»

«እንግዲያው ወሬውም የእሷ ነው።»

ገቡ። የአልጋውን ጎን ይዘው ተቀመጡ፣ መነጽራቸውን አወለቁ። ሐኪሙ ተናገረ፤ እሳቸው እያንዳንዷን ቃል፣ ሳያስፈሩ፣ ሳያሳምሩ፣ ለጸዳለ ተረጎሙላት። ጸዳለ ስታለቅስ ሐኪሙ ወደ ሕክምናው ዝርዝር ሊገባ አለ። ጣታቸው ብድግ አለ። ሐኪሙም ጠበቀ። በመጨረሻ ጸዳለ እጃቸውን ይዛ፣ «እግዜር ይስጥልኝ እትዬ» አለች። «ዙሪያዬ ሲንሾካሾኩ ከረሙ። ያበድኩ መስሎኝ ነበር።»

ተስፋዬ ወደ ቤታቸው በመኪና አደረሳቸው። ይቅርታ አልጠየቀም። ያን እኔ እመሰክራለሁ፤ ከኋላ መቀመጫው ላይ ሆኜ ጆሮዬን አቁሜ መንገዱን ሙሉ ጠበቅኩ። ስለ መኪና ማቆሚያ ነው ያወራው። እትዬ ዘነበች ሲወርዱ «ሚስትህን ሾርባ አብላት» አሉትና ገቡ። በዚያው ክረምት ሞቱ፤ ሄለን አጠገባቸው ነበረች።

ከቀብር መልስ በዚያው አዳራሽ ተሰበሰብን። ምግብ ቀርቧል። የመጣው ሰው ብዛት! በበዓል ቀን ከጎናቸው ላለመቀመጥ ወንበር ሲለውጡ ያየኋቸው ሁሉ ጥቁር ለብሰው መጥተዋል። ተስፋዬ ከኪሱ ወረቀት አወጣና ተነሳ። ማይክራፎኑን መታ መታ አደረገ። «የሁላችን እናት...» ብሎ ጀመረ። እኔ ልነሳ እግሬን ሰብስቤያለሁ። ሄለን ጉልበቴን በእጇ ተጫነችው።

«ተስፋዬ፣ ቁጭ በል።»

ድምፁ ከሴቶቹ ጠረጴዛ ነው የመጣው። ጸዳለ ነበረች። በሕክምናው ፀጉሯ ረግፎ ሻሽ አስራለች፤ ለመነሳት የጠረጴዛውን ጠርዝ ይዛለች።

«ጸድዬ፣ አንዴ ልጨርስ...»

«ቁጭ በል አልኩህ። ይህችን ሴት ከእንጀራዋ ያፈናቀልካት አንተ ነህ። የተማከራችሁት እኔ ቤት ነው፤ እራት ያቀረብኩላችሁ እኔ ነኝ። ያን ቀን እዚያ የነበራችሁት ሁሉ ዛሬም እዚህ አላችሁ። ዓይናችሁን እያየሁት ነው።» ትንፋሽ አጥሯት ቆም አለች። ማንም አልረዳትም፤ ማንም አላቋረጣትም። «እኔ ስታመም አጠገቤ የተቀመጠችው እሷ ናት። እንድታብል የለመንካትም በሩ ላይ ሆነህ ነበር፤ ሰምቼሃለሁ። አሁን ደግሞ በሞተች ማግስት እናቴ ትላታለህ? ለእሷ አንተ አትናገርላትም።»

ተስፋዬ ዙሪያውን አየ። የሚያድነው ሰው ፈለገ መሰለኝ። አቶ ግርማ አንገቱን ደፍቷል። ዳንኤል ወደ መስኮቱ ዞሯል። የተስፋዬ ልጅ፣ አማርኛው ምን ያህል እንደገባት አላውቅም፣ ከአባቷ አጠገብ ተነስታ ወደ እናቷ ሄደችና ክንዷን ደገፈች።

ሊቀመንበሩ ማይክራፎኑን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠና ተቀመጠ። በዚያ ቀን በዚያ አዳራሽ ከዚያ በኋላ ንግግር ያደረገ ሰው የለም።